ከእትዬ ዙሃራ ጣሪያ በላይ

ግንቦት 1፣ ዓርብ

የልደታ ዕለት። ድምፅ ማጉያው ከንጋት ጀምሮ አላረፈም፤ ከፎቁ በታች ጎረቤቱ ንፍሮውን ይዞ ወጥቷል። መቅዳት የሚባል ነገር የለም ዛሬ። መስኮት ብዘጋም ማይኩ መዝሙሩን ይለቅማል። ለልምምድ ይሁን ብዬ ኪቦርዱ ላይ ተቀመጥኩ።

እንደ ሁልጊዜው ጣቴን በዛችው በማታልቅ ዜማዬ አሟሟቅኩ። ሦስት ዓመቷ። ስም እንኳ የላትም። አራት ደረጃ ትወጣና አምስተኛው ላይ ጆሮ ወደማይጠብቀው ቦታ ትወርዳለች፤ የጃዝ ትምህርት ቤት ያበላሸው እጅ ሥራ ነው። መጨረሻ አጣሁላት። አልቀዳኋትም፣ ለማንም አላሰማኋትም። ለማንም ስል... ከታች ቤት ካሉት ከእትዬ ዙሃራ በቀር። እሳቸው በጣሪያቸው በኩል የማይሰሙት ነገር የለም። ደረጃ ላይ ስንገናኝ፣ ዛሬ ጣትሽ ተቆጥቶ ነበር፣ ልጄን ማን ነካብኝ? አሉኝ። ኧረ ማንም።

ከሰዓት ወንድምአገኝ ደወለ። ሙዚቃውን የምሠራለት ፊልም ዳይሬክተር። ባሕር ተሻግረው ዓረብ አገር ለመግባት ሄደው፣ መንገድ ላይ ቀርተው ስለተመለሱ ልጆች ነው ፊልሙ። ያልተቆረጡትን ቃለ መጠይቆች ሰኞ ይልክልኛል። ጃዝሽን ቀነስ፣ ሀዘኑን ጨመር አድርጊ አለኝ። ወጥ መሰለው እንዴ?

ስንት ዓመት ሆቴል ጥግ ላይ ሰው ሲበላ ስጫወት ኖርኩ። ከዚያ የሻምፑ ማስታወቂያ። ከዚያ ማንም የማያያቸው አጫጭር ፊልሞች። ስሜ ውጭ አገር ቴሌቪዥን ላይ ሊወጣ የመጀመሪያዬ ነው። ፈራሁ። ለሻምፑውም ፈርቼ ነበር፣ አዲስ ነገር የለውም።

ግንቦት 4፣ ሰኞ

ቃለ መጠይቆቹ መጡ፤ አንዱን ከፈትኩ።

ክርስቲያን የሚባል ልጅ ነው። የሆሳዕና ልጅ። ከየመን የተመለሰ። ጠያቂው፣ ማታ ማታ ምን ታደርጉ ነበር አለው። አንድ የአዲስ አበባ ልጅ ነበር፣ "አራዳው" ነበር የምንለው፣ ስሙን አላውቅም አለ። ሲመሽ ያፏጭልን ነበር። እንዴት አድርጎ? አለው ጠያቂው። ልጁ ከንፈሩን አሞጥሙጦ አፏጨ።

የኔ ዜማ ናት።

አቆምኩ። መለስኩ። አራት ትወጣለች... አምስተኛው ላይ ትወርዳለች። እዛችው ቦታ ላይ። ማንም ሰው በአጋጣሚ እዛ አይወርድም፤ እኔ ራሴ ለመውረድ ወራት ፈጅቶብኛል። እንደገና መለስኩ። ሰው በሌለበት ቤት ውስጥ፣ አይደለችም፣ አይደለችም እላለሁ።

አራዳው አሁን የት ነው? ብሎ ጠየቀው። አሸዋ ውስጥ ቀበርነው አለ ክርስቲያን።

ያቺን ዜማ ከዚህ ደረጃ ውጭ ማን ሰምቷት ያውቃል? ሙስአብ። የእትዬ ዙሃራ ልጅ። ዘንድሮ በጥቅምት፣ እህቱ ሰሚራ ጋ ሪያድ እገባለሁ ብሎ የወጣው። ከኅዳር ወዲህ ድምፁ የጠፋው። እኛ በር አጠገብ ደረጃ ላይ ተቀምጦ ስልኩን እየጎረጎረ ሲሰማኝ ይውል ነበር። እናቱ ድንገት ይደውላል ብለው ስልካቸውን ሻወር ቤት ሳይቀር ይዘው ነው የሚገቡት።

ስፒከሩን አጠፋሁት። ከዚያ በኋላ ምን እንዳደረግኩ አላስታውስም።

ግንቦት 5፣ ማክሰኞ

በጆሮ ማዳመጫ ሠራሁ። ሠራሁ አልኩ እንዴ? ተቀመጥኩ።

ግንቦት 6፣ ረቡዕ

ወንድምአገኝ ደወለ፣ በደስታ ሊያብድ ደርሷል። ፉጨቷን ሰማሻት? ዋናው ዜማ እሷ ናት፣ ሌላ እንዳትፈልጊ፣ ፊልሙን ሙሉ እሷን አልብሺልኝ አለ። በሚመጣው ሳምንት አጭር ማስተዋወቂያ ቆርጦ ቲክቶክ ላይ ይለቃታል። የልጁ ፊትና ፉጨቷ፣ ሌላ ምንም የለም።

አዎ ሰምቻታለሁ አልኩ።

የኔ ናት ለማለት አፌ አልታዘዝ አለኝ። የኔ ናት ካልኩ ታዲያ ልጁ የት ሰማት ይለኛል። እና ያ ማስተዋወቂያ ቢለቀቅስ? እትዬ ዙሃራ ተክለ ሃይማኖት ሰፈር ሻርፕ የሚሸጡበት ሱቅ ውስጥ አንዷ ልጅ ስልኳን ከፍታ... እሳቸው ሻርፕ እያጠፉ... ያቺን ዜማ ሰምተው ቀና ቢሉ? እናት ልጇን በቲክቶክ ትረዳ? ምሳ አልበላሁም።

ግንቦት 8፣ ዓርብ

ሰሚራ ዓርብ ዓርብ ከሪያድ ትደውላለች። የእትዬ ዙሃራ ድምፅ በወለሉ በኩል ይመጣል። ምንም የለም ልጄ፣ አንቺ ጋስ? ይላሉ። እሷም ምንም የለም ትላቸዋለች መሰለኝ። ስልኩ ሲዘጋ ቤቱ ጭር ይላል።

ደረጃ ላይ ያዙኝ። ፒያኖሽ ተበላሸ እንዴ ፋይዚዬ? አሉኝ። ስፒከሩ ተቃጥሎ ነው አልኩ። አየት አደረጉኝ። ዘንቢላቸውን አንስተው ወረዱ።

አላመኑኝም እንዴ? ለምን አያምኑኝም? ስፒከር ይቃጠል የለ?

ግንቦት 11፣ ሰኞ

ለወንድምአገኝ ነገርኩት። የሱ ቢሮ በር ላይ፣ ቆመን። መጀመሪያ ሳቀ። ቀጥሎ ተናደደ።

"በአንድ ፉጨት ነው ሰው የምትቀብሪው?" አለኝ።

እውነቱን ነው። እኔም ሳምንቱን ሙሉ ራሴን የምጠይቀው ይህንኑ ነው። የሸክላ አይደለች፣ የሬዲዮ አይደለች፣ ማስረጃዋ የኔ ጆሮ ብቻ ነው። ጆሮዬ ደግሞ የፈሪ ጆሮ ነው፤ ያልተባለ ሁሉ ይሰማዋል። ፎቶ አለሽ? አለኝ። የሙስአብ አለ አልኩት፣ የአምናው ዒድ ላይ እኛ ቤት የተነሳው። ረቡዕ ክርስቲያንን አስጠራዋለሁ፣ ማስተዋወቂያው እስከዚያ ይቆያል አለ።

ያ ረቢ፣ ተሳስቼ ልገኝ። ጆሮ የሌላት ሙዚቀኛ ተብዬ አገር ይሳቅብኝ። ተሳስቼ ልገኝ ብቻ።

ግንቦት 13፣ ረቡዕ

ሰንጋ ተራ፣ ቢሮው ውስጥ። ውጭ ሕንፃ እየሠሩ ብረት ይቆርጣሉ፣ መነጋገር አይቻልም። ክርስቲያን ካሜራ ላይ ከሚታየው በጣም ያንሳል። ሻይ አመጡለት፣ አልነካውም። ያሰብኩትን ጥያቄ ሁሉ ረሳሁትና ስልኬን ሰጠሁት።

አየ። ብዙም አላየ። ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ደፋው።

"እንዲህ ሲስቅ አይቼው አላውቅም" አለ።

ከዚያ ሳልጠይቀው ነገረኝ። የገደለው ትኩሳት ነው። ከሚጠጡት ውሃ ሳይሆን አይቀርም። ሲብስበት እንኳ አፏጭልን ሲሉት ይሞክር ነበር አለ። ቀብሩ ላይ ግን፣ አለኝ፣ እኔ የእናንተን ሥርዓት ስለማላውቅ ፊቱን ወዴት እንደምናደርገው ጨንቆኝ ነበር፤ ሁለት የወሎ ልጆች ነበሩ፣ የሰገዱበትም ያዞሩትም እነሱ ናቸው። እናቱ ከጠየቁሽ በደንብ ነው የተቀበረው በያቸው አለኝ። እሺ አልኩት።

ወንድምአገኝ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ ቆሞ ነበር። ቤተሰቦቹ ሳይረዱ አንዲት ነገር አትወጣም፣ ውጭ አገር ያሉት የቴሌቪዥን ሰዎችም ይጩሁ ከፈለጉ አለ። ስንት ጊዜ በሆዴ ስሰድበው የኖርኩ ሰውዬ ነው።

ግንቦት 14፣ ሐሙስ

ለእማዬ ነገርኳት። ድምፅ ወደ ታች እንዳይወርድ ሻርፗን አፏ ውስጥ ከታ አለቀሰች። አቅፋ ያሳደገችው ልጅ ነው። ከዚያ ፊቷን ታጥባ ወደ ሐጂ አብዱሰመድ ወሰደችኝ፤ የእድራችን ሽማግሌ ናቸው፣ መርዶ ሲሆን ከፊት የሚሄዱት እሳቸው ናቸው።

ሐጂ እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ። ዓረፋ ደርሷል፣ በበዓል ደጃፍ መርዶ አይነገርም አሉ። ይለፍ። ከበዓሉ በኋላ ማክሰኞ፣ ከሱብሒ ሶላት መልስ እንሄዳለን። ለሰሚራም የዚያኑ ዕለት ሰው ሄዶ ይነግራታል።

እስከዚያስ? አልኳቸው።

እስከዚያ ፊትሽን አስተካክይ አሉኝ። ፊቴን! የኔን ፊት! ሻይ የተደፋበትን ሰው ሳይ እንኳ የሚለዋወጠውን!

ግንቦት 18፣ ሰኞ

ዶክመንተሪ ላይ የመጀመሪያው ትምህርት ሰው ሲናገር አንቺ ዝም በይ ነው። ጃዝ ያስተማረኝ ተቃራኒውን ነበር፤ ሰው ሲናገር መልሺለት። እነዚህን ሁለቱን ሳስታርቅ ነው የኖርኩት። አሁን የክርስቲያን ድምፅ ስር ምን ላድርግ? አንድ ኮርድ አስቀምጣለሁ፣ ሙሾ ይመስለኛል፣ አጠፋለሁ። ከፍ ያለ አስቀምጣለሁ፣ ሠርግ ይመስላል፣ አፍራለሁ። በማዳመጫ ውስጥ የራሴ ትንፋሽ ይሰማኛል። ከታች እትዬ ዙሃራ ሲስሉ ደግሞ ማዳመጫውን አልፎ ይሰማኛል።

ደረጃውን ፈራሁት። ስወጣ ጫማዬን በእጄ ይዤ ነው። ሌባ እንኳ ይሄን ያህል አይሆንም።

ግንቦት 23፣ ቅዳሜ

እትዬ ዙሃራ አንኳኩ። እናትሽ መይሙና ጠፋችብኝ፣ ኩርፊያ ነው እንዴ? አሉ። እማዬ ተኝታለች አልኩ። በሩ ኋላ ቆማ ነበር፣ እጇን አፏ ላይ አድርጋ።

ግንቦት 25፣ ሰኞ

ፈሪ ለእናቱ ይላሉ። ሙስአብ ትንሽ ፈሪ ቢሆን ኖሮ... ተይው።

ግንቦት 29፣ ዓርብ

ዒድ። እንዳያዩኝ ብዬ ጠዋቱን ክፍሌ ውስጥ ዋልኩ። አይሆንም። እትዬ ዙሃራ እንደ ልማዳቸው ሥጋውን በትሪ ይዘው ወጡ። ዘንድሮ ግን ትሪው ከበደኝ፣ ለራሳቸው ምን አስቀርተው ነው? ብሉ፣ ጨርሱ፣ እያሉ እኛ ቤት ተቀመጡ። ሳቁ። ስለ ሱቃቸው ቀለዱ። የእማዬን ትከሻ ይዘው ዓመት ዓመት ያድርሰን አሉ።

እማዬ አሚን አለችና ወደ ማድ ቤት ሄደች። እኔ ተቀምጬ ሥጋውን አላምጣለሁ፣ አይወርድም። ምንም ባለማወቃቸው ሳቃቸው ጤነኛ ሳቅ ነው፣ ይሄ የመጨረሻው ነው፣ ከአራት ቀን በኋላ ይሄ ሴትዮ እንዲህ አይስቁም... ስል ዓይናችን ተጋጨ። ብዪ እንጂ ልጄ አሉኝ። በላሁ።

ሰኔ 2፣ ሰኞ

ነገ ነው። የፈሩት ይደርሳል አሉ። ይድረስና ይገላግለኝ።

ሰኔ 3፣ ማክሰኞ

ከሱብሒ መልስ ሄድን። ሐጂ ከፊት፣ ሦስት ሽማግሌ፣ ከኋላ ሴቶቹ። እማዬ እጄን ጨብጣ ደሙን አቆመችው። ሰው በዚያ ሰዓት ይሄን ያህል ሰው በሩ ላይ ሲያይ ማንም ሳይነግረው ያውቃል። በሩ ሲከፈት የሚመጣውን ጩኸት እየጠበቅኩ ጆሮዬን ልይዝ ምንም አልቀረኝም። ሐጂ አንኳኩ።

ጩኸት አልመጣም። እትዬ ዙሃራ ጥቁር ለብሰው ቆመዋል። ሶፋው ከሳሎኑ የለም። ፍራሹ ግድግዳውን ይዞ ተዘርግቷል። ለብቻቸው ነው እንግዲህ ያን ሁሉ የጎተቱት።

"ግቡ" አሉ። "በር ላይ አትቁሙ።"

ሐጂ የተዘጋጁበትን ጀመሩ፤ ሁላችንም የአላህ ነን፣ ወደሱም ነው የምንመለሰው፣ ላይችል አይሰጠውም... አላስጨረሷቸውም። ስሙን ብቻ ጥሩልኝ አሉ። ሐጂ ጠሩት። ያኔ ነው እትዬ ዙሃራ የወደቁት። ያኔ ነው ጩኸቱ የመጣው፤ ግን የእማዬ ነበር። ሳምንታት ሻርፕ ውስጥ የቀበረችው ሁሉ ወጣ።

ረፈድ ሲል አጠገባቸው አስቀመጡኝ። ከክርስቲያን የሰማሁትን ሁሉ ነገርኳቸው። ፊቱን ወዴት አደረጉት? ብለው ጠየቁኝ፤ የወሎ ልጆች እንዳዞሩት፣ እንደሰገዱበት ነገርኳቸው። አልሐምዱሊላህ አሉ። እጄን ይዘው ቆዩ።

ማን ነገረዎት እትዬ? አልኩ። እንዴት እንዳወቁ ካልጠየቅኩ የምሞት መሰለኝ።

"አንቺ ነሻ" አሉኝ። "እዚህ ግቢ ፒያኖሽ የሚዘጋው ለቅሶ ሲኖር ብቻ ነው። ዘጋሽ። ወጥቼ አየሁ፣ ድንኳን የለም። በማግስቱም ዘጋሽ። ከዚያ እናትሽ ሸሸችኝ። ሁሉንም ቤት በልቤ ዞርኩት፣ የሞተበት የለም። የኔ ብቻ ቀረ።"

"ታዲያ ለምን ዝም አሉ?"

"በዓሉ ይለፍላችሁ ብዬ።"

ለቅሶ ባለበት ሙዚቃ አለመክፈት ከልጅነቴ የለመድኩት ነው፤ ያን ዕለት ስፒከሩን ስዘጋ አስቤው አይደለም፣ እጄ ነው የዘጋው። ስደብቃቸው የከረምኩ መስሎኝ ነበር። ለካ ያረዳኋቸው እኔ ነኝ፣ ያውም ለብቻቸው፣ አቅፎ የሚይዛቸው ሰው በሌለበት።

ሰኔ 22፣ እሑድ

እትዬ ዙሃራ ወደ ላይ ወጡ። ከመርዶው ወዲህ የመጀመሪያቸው ነው። ፉጨቷን አሰሚኝ አሉ። እማዬ ተዪ ዙሃራ ብላ ለመነቻቸው። አይሆንም አሉ።

ከፈትኩላቸው። የክርስቲያንን ፊት አላዩም፣ ወለሉን እያዩ ሰሙ። ሲያልቅ ድገሚው አሉ። ደገምኩት። የሱ እንኳ ከዚህ ቀጠን ይል ነበር አሉና በሻርፓቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ። በፊልሙ ትግባ ወይስ ትውጣ? ብዬ ጠየቅኳቸው፤ አይሆንም ቢሉኝ ወንድምአገኝን እንዴት እንደማስረዳው እየፈራሁ። ትግባ፣ ሰው ይስማው፣ ሲያፏጭ የነበረ ልጅ ነበረኝ አሉ።

ሊወጡ ተነስተው ኪቦርዱን አዩት።

"ከእንግዲህ ክፈቺው" አሉኝ። "እኔ ፈቅጃለሁ። ሰሚራ እዚያ ናት። አንቺ ዝም ባልሽ ቁጥር ደግሞ የሷ መርዶ መጣ ብዬ ነው የማስበው። እወቂው።"

እሺ አልኩ። እሺ ማለት ቀላል ነው። ከወጡ በኋላ ስፒከሩን ከፍቼ ያቺኑ ዜማ ጀመርኩ፣ አምስተኛው ላይ ደርሼ ጣቴ ሳተ። ደግሜ ጀመርኩ። ለማቆም ፈራሁ፣ ከዚያ ቁርሱ ሳይበላ ምሳ ደረሰ።

ሐምሌ 17፣ ሐሙስ

ፊልሙ ሊያልቅ ነው። ዛሬ ጠዋት የመጨረሻውን ክፍል እየሞከርኩ፣ ክርስቲያን የሚናገርበት ላይ ዝቅ ልል ስል፣ ጭጭ። ኪቦርዱ ሞተ። መሐል ላይ። ቆጣሪውን አየሁ፣ የመብራት ካርዱ አልቋል። የኛ ቤት ብቻ ነው፣ የሌላው ሰው መብራት አለ።

ማዳመጫውን አንገቴ ላይ እንዳንጠለጠልኩ በባዶ እግሬ ወጣሁ። ከዚህ በፊት ደረጃውን እንዲህ ወርጄው አላውቅም። አንዱን ፎቅ ሳልጨርስ እትዬ ዙሃራ እየወጡ ተገናኘን፣ ግድግዳውን ይዘው፣ ሻርፓቸው ወድቆ፣ ስልካቸው እጃቸው ላይ።

"ካርድ ነው!" አልኩ። "ካርድ አልቆብኝ ነው እትዬ፣ ሌላ ምንም የለም።"

ደረጃው ላይ ቁጭ አሉ። እኔም አጠገባቸው ቁጭ አልኩ። ካርድ ነው? አሉ። ወላሂ ካርድ ነው አልኩ። ለማንኛውም ብለው ሰሚራ ጋ ደወሉ፣ አነሳች፣ ደህና ናት፣ ሥራ ላይ ነበረች።

ጫማ አጥልቄ ሮጬ ሄጄ ካርድ ሞላሁ። ሁለት ወር የሚያስኬድ ሞላሁ። ተመልሼ ሳልቀመጥ፣ ቆሜ፣ ጫማዬን እንኳ ሳላወልቅ መጫወት ጀመርኩ።